ጅቡቲም ደን አላት

«ጅቡቲ» ሲባል መጀመሪያ ትዝ የሚላችሁ ምንድን ነው? ባለፈው ሴሚስተር ይህንኑ ጥያቄ ለክፍል ጓደኞቼ አቅርቤላቸው ነበር። የሚበዙት «ወደብ» አሉ። ሌሎቹ «ሙቀት» አሉ። አንዱ ደግሞ ሳቅ ብሎ «ጫታችንን የምትቅም አገር» አለ። «ደን» ያለ ግን አንድም ሰው አልተገኘም። እኔም ብጠየቅ ኖሮ አልልም ነበር።

አባቴ የጅቡቲ መስመር ሹፌር ነው። ከኮምቦልቻ ተነስቶ በባቲና በሚሌ አድርጎ፣ ጋላፊ ላይ ድንበር እየተሻገረ ልጆቹን አሳድጓል። «አባዬ፣ ጅቡቲ ውስጥ ተራራ ላይ ደን አለ ይባላል፤ አይተህ ታውቃለህ?» ብዬ ብጠይቀው «ድንጋይና ፀሐይ ነው እንጂ ምን ደን አለ! ማን ነው እንዲህ ያለህ?» አለኝ። አልፈርድበትም። ከመኪናው መስኮት የሚታየው ያው ድንጋይና ፀሐይ ነው። እሱ የሚያልፍበት አውራ ጎዳና በደቡብ በኩል ነው፤ ተራራው ያለው ደግሞ ከባሕረ ሰላጤው ማዶ በሰሜን በኩል ነው።

በዚህች ጽሑፍ ስለዚያ ተራራ አስተያየቴን እሰጣለሁ። እውነቱን ለመናገር ተራራውን በዓይኔ አላየሁትም፤ የማውቀው በንባብ ነው። ቢሆንም ስለዚሁ ተራራ አንድ የተርም ፔፐር ጽፌ ከ20 16 አግኝቼበታለሁ። ዛሬ የምጽፈው ያንን ፔፐር ለመሻር ነው። ለምን እንደሆነ ወደ ኋላ እመጣበታለሁ።

ነገሩ ወዲህ ነው። ከታጁራ ባሕረ ሰላጤ በስተሰሜን ምዕራብ፣ ከታጁራ ከተማ ወደ ምዕራብ ገባ ብሎ ጎዳ የሚባል የተራራ ሰንሰለት አለ። ትንሽ ነው። የጅቡቲ ጠቅላላ ስፋት ራሱ 23,200 ካሬ ኪሎ ሜትር ነው፤ ጎዳ ደግሞ ከዚያችው ላይ አንድ ቁራሽ ነው። ከፍታውም ከ1,700 ሜትር ጥቂት ቢያልፍ ነው። ከ4,500 ሜትር በላይ የሆነውን ራስ ዳሸንን እየሰማ ላደገ የኢትዮጵያ ልጅ ይህ ተራራ ሳይሆን ጉብታ ነው። አዲስ አበባችን እንኳ ከጎዳ ጫፍ 600 ሜትር ያህል ከፍ ብላ ነው የተቀመጠችው።

ነገር ግን የተራራ ቁመት የሚለካው ከሥሩ ካለው አገር ጋር ነው። ከጎዳ ብዙ ሳይርቅ በስተደቡብ ምዕራብ የአሳል ሐይቅ ይገኛል። ይህ የጨው ሐይቅ ከባሕር ወለል በታች 155 ሜትር ያህል ዝቅ ያለ ሲሆን ከአፍሪካ ምድር ሁሉ ዝቅተኛው ቦታ ነው። ከዚያ ጉድጓድ ሆኖ ሽቅብ ለሚመለከት ሰው ጎዳ ትልቅ ተራራ ነው። አካባቢው ሦስት የምድር ቅርፊት ሰሌዳዎች፣ ማለትም የአፍሪካው የኑቢያ፣ የሶማሊያና የዓረቢያ ሰሌዳዎች የሚለያዩበት ነው። መሬቱ ዛሬም አላረፈም። እ.ኤ.አ. በኅዳር 1978 አርዱኮባ የተባለው እሳተ ገሞራ በአሳል ሐይቅና በጉብት ባሕር መካከል ፈንድቶ ነበር። ጎዳም የተሠራው ከጥንት የእሳተ ገሞራ ዓለት ነው።

እንግዲህ በዚህ ሁሉ ድንጋይና ጨው መካከል ደን ከየት መጣ? መልሱ ጉም ነው። በጅቡቲ ከተማ በዓመት የሚዘንበው ዝናብ 200 ሚሊ ሜትር አይሞላም። ነገር ግን በቀዝቃዛው ወቅት ከባሕሩ የሚነሳው እርጥብ አየር ጎዳን ሲያገኝ ወደ ላይ ለመውጣት ይገደዳል፤ ሲወጣ ይቀዘቅዛል፤ ሲቀዘቅዝ ጉም ይሆናል። በመጀመሪያ ዓመት ያጠናነው ነው፤ ከፍታ 1,000 ሜትር በጨመረ ቁጥር የአየሩ ሙቀት በአማካይ 6.5 ዲግሪ ይቀንሳል። ታች ወደቡ ላይ 40 ዲግሪ በሚሆንበት ቀን 1,500 ሜትር ላይ ያለ ሰው 30 ዲግሪ ውስጥ ነው ያለው። ጉሙ ቅጠል ላይ ያርፋል፤ ጠብታ ይሆናል፤ ሥር ላይ ይንጠባጠባል። ዝናቡ ትንሽ ቢሆንም ዛፎቹ ከጉሙ ውኃ ይለቅማሉ ማለት ነው። ስለዚህ ዛፉ ሲሞት የሚጠፋው ዛፉ ብቻ አይደለም፤ ውኃ መያዣውም አብሮ ይሄዳል።

ዋናው ዛፍ ደግሞ ማን እንደሆነ ታውቃላችሁ? ጽድ ነው! ያው የኛው ጽድ፤ በየቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ግቢ፣ በመናገሻ ደን የምናውቀው ጽድ። አብሮትም ወይራ አለ። ይህ የዳይ ደን ይባላል። በዚያ ሁሉ በረሃ መካከል እንደ ደሴት ብቻውን የቀረ የደጋ ደን ነው። ወረድ ሲሉ በባንኳሌ ሸለቆ ውስጥ አንድ ብርቅ የዘንባባ ዓይነት ይበቅላል፤ ይህ ዘንባባ በዓለም ላይ ያለው በጅቡቲ፣ በሶማሊያና በየመን ብቻ ነው። በገደሉ ላይ ሰስ ይዘላል፤ ነጭ ዝንጀሮም በመንጋ ይዞራል።

ከሁሉ በላይ ስሙ የሚነሳው ግን የጅቡቲ ቆቅ ነው። ዶርስትና ዡዋኒን የተባሉ ሁለት ፈረንሳውያን አጥኚዎች እ.ኤ.አ. በ1952 ለሳይንስ አስተዋወቁት። ቁመናው 35 ሳንቲ ሜትር ያህል ነው፤ ፍሬ፣ ዘርና ምስጥ ይለቅማል። በዓለም ላይ የሚገኘው በሁለት ቦታ ብቻ ነው፤ አንዱ ጎዳ፣ ሌላው በስተምሥራቅ ያለው የማብላ ተራራ። ከአንዱ ወደ ሌላው ለመሄድ ቆላውን ማቋረጥ ግድ ነው፤ ቆቅ ደግሞ የሩቅ በረራ ወፍ አይደለም። የዓለም አቀፉ የተፈጥሮ ጥበቃ ኅብረት ይህን ወፍ «ለመጥፋት እጅግ የተቃረቡ» ከሚላቸው መካከል መድቦታል። የቀሩት በጥቂት መቶዎች የሚቆጠሩ ናቸው ተብሎ ይገመታል። ምክንያቱም ጽዱ እየሞተ ነው። ቆሞ የደረቀው ግንድ ከለመለመው በልጦ የሚታይበት ቦታ ብዙ ነው። ቆቁ የሚደበቅበትና ጎጆ የሚሠራበት ጥላ ከዛፉ ጋር አብሮ ይጠፋል።

አሁን ወደ ፔፐሬ ልመለስ። «የዳይን ደን ማን ገደለው?» የሚል ርእስ ነበረው። መልሴም አጭር ነበር፦ ፍየል፣ ግመል፣ ከብትና የማገዶ እንጨት ለቃሚ። መፍትሔዬ ደግሞ ከዚያ ያጠረ ነበር፦ አርብቶ አደሩ ከተራራው ይውረድ፤ ተራራው ይከለል፤ ጥበቃ ይቁም። በሚገባ የተደራጀ ነው ተብሎ ተመሰገነ። ክፍል ውስጥ ሳቀርበውም የተቃወመኝ አልነበረም። ማንም አይቃወምም እኮ! ፍየልን መክሰስ በኛ ትምህርት ክፍል ውስጥ እንደ ሰላምታ ነው።

በእርግጥ ፍየሉ ንጹሕ ነው እያልኩ አይደለም። ልቅ ግጦሽ ደኑን እንደጎዳ ያጠኑት ሁሉ ይመሰክራሉ። ግን እነዚያው አጥኚዎች ሌላም ይላሉ፦ የአየር ንብረት መድረቅ አለበት፤ የዛፍ በሽታም ሊኖርበት ይችላል። እኔ ግን ለሀሳቤ የሚመቸውን መዝዤ ሌላውን ትቼዋለሁ። ይህን ያስተዋልኩት በላይብረሪ ውስጥ አይደለም፤ አያቴ ቤት ነው።

አያቴ የሚኖሩት ከባቲ ወጣ ባለች መንደር ነው። ከመንደሩ ጀርባ ወይራ ያለበት ደረቅ ተራራ አለ። እኔ ልጅ ሳለሁ ተራራው ይከለል ተባለ። ከልጥፍ ወረቀቱ በስተቀር ለመንደሩ ሰው የመጣ ነገር አልነበረም። ማንም አልተጠየቀም። ዘበኛ ቆመ። ፍየል የገባበት ተቀጣ። አያቴም ፍየሎቻቸውን በርካሽ ሸጡ። ከጊዜ በኋላ የዘበኛው ደሞዝ ቆመ፤ ዘበኛውም ተወው። ያን ጊዜ የሆነውን አያቴ ሲያወሩት ዛሬም ድምፃቸው ዝቅ ይላል። ሰው በሌሊት ገባ። «የኛ ቢሆን እንዲያ አናደርገውም ነበር፤ የማንም ሲሆን ጊዜ ሁሉም ቀድሞ ልውሰድ አለ» ይላሉ። በአንድ ክረምት ተራራው ተላጨ።

ባለፈው እረፍት ስሄድ ፔፐሬን እያነበብኩ አስረዳኋቸው። ስለ ጎዳ፣ ስለ ጽዱ፣ ስለ ቆቁ። በጥሞና ሰሙኝና አንድ ነገር ብቻ ጠየቁኝ።

«ልጁስ?»

«የምን ልጅ እማማ?»

«የዛፉ ልጅ ነዋ! ትልልቁን ደረቀ፣ ቆመ ትለኛለህ። ከሥር ቡቃያ አለ ወይስ የለም? ላም ብታረጅ ምን ይደንቃል፤ ጥጃ ካላት ቤቱ አልተዘጋም። አንተ ስለ ላሟ ብቻ ነው የምታወራኝ።»

አፈርኩ። በ14 ገጽ ውስጥ ስለ ቡቃያ አንድ ዓረፍተ ነገር አልጻፍኩም ነበር። «ማን ገደለው» ስል «ማን ያሳድገዋል» የሚለውን ረስቼዋለሁ።

አንባቢ ሆይ፣ የአያቴ ጥያቄ በትንሽ የበረሃ ተራራ ላይ ለምን ከባድ እንደሆነ በቀላል ሂሳብ ላሳይ። ተራራን ሾጣጣ አድርጋችሁ ውሰዱት። ሾጣጣ ነገር ወደ ላይ በወጣ ቁጥር ስፋቱ ያንሳል። ከሥሩ እስከ ጫፉ ያለውን ግማሽ ከወጣችሁ የቀረላችሁ ስፋት ግማሽ አይደለም፤ ሩብ ነው። እንበልና ለጽድ የሚስማማው አየር የሚጀምረው 1,200 ሜትር ላይ ነው፤ ተራራው ደግሞ 1,750 ላይ ያበቃል። ጽዱ ያለው 550 ሜትር ብቻ ነው። ሙቀት በ1 ዲግሪ ሲጨምር ያ የሚስማማ አየር 150 ሜትር ያህል ሽቅብ ይሸሻል። 400 ሜትር ይቀራል። ስፋቱን አስሉት፤ ግማሽ ሊሞላ ጥቂት የቀረው መሬት ሄዷል! በአንድ ዲግሪ ብቻ። ይህ የወረቀት ሂሳብ ነው፤ እውነተኛው ተራራ ገደልና ሸለቆ አለው። መንገዱን ግን ያሳያል።

በባሌ ወይም በሰሜን ተራሮች ላይ ዛፍ ከሞቀው ወደ ላይ የሚሸሽበት ብዙ ቦታ አለው። ጎዳ ላይ መሸሻ የለም። ከጫፉ በላይ ሰማይ ነው። ስለዚህ ትልቁ ዛፍ ቆሞ መታየቱ አያጽናናም። የዛሬ ሁለት መቶ ዓመት በነበረው አየር የበቀለ ዛፍ ዛሬ በሕይወት ቢኖር በድሮው ስንቅ ነው። የዛሬው አየር ለደኑ ይበቃል ወይስ አይበቃም የሚለውን የሚመልሰው ቡቃያው ነው። ቡቃያው ደግሞ ሁለት ፈተና አለበት፤ ድርቁና አፉ። ድርቁን የጎዳ ሰው ሊከለክለው አይችልም። አፉን ግን ሊከለክል ይችላል። እዚህ ላይ ነው ነገሩ ያለው።

ማን ነው የሚከለክለው? መንግሥት ነው ትሉ ይሆናል። የዳይ ደን እኮ በፈረንሳዮች ዘመን፣ እ.ኤ.አ. በ1939 ብሔራዊ ፓርክ ተብሏል። ጅቡቲ ነፃ የወጣችው በ1977 ነው። ከ1991 ጀምሮ በሰሜኑ የእርስ በርስ ጦርነት ነበር። ፓርክ የሚለው ስም በወረቀት ላይ ሳለ ነው ጽዱ የደረቀው። በዚህ ሁሉ ዘመን ከተራራው ያልተለየው አፋሩ ነው። በሐሩሩ ወቅት ከቆላው መንጋውን ይዞ የሚወጣው እሱ ነው፤ በራንዳና በባንኳሌ በምንጭ ውኃ አትክልት የሚያለማው እሱ ነው፤ ለጎብኚ ጎጆ ሠርቶ መንገድ የሚያሳየውም እሱ ነው። አፋር በጅቡቲም፣ በኤርትራም፣ በእኛም አገር አንድ ሕዝብ ነው። የአፋርን ዳጉ የማያውቅ ተማሪ እዚህ ያለ አይመስለኝም። ሁለት ሰዎች መንገድ ላይ ሲገናኙ የት እንደዘነበ፣ የት ሣር እንዳለ፣ ምን እንደተከሰተ ሳይነጋገሩ አይለያዩም። እኛ ለአካባቢ መረጃ መሰብሰቢያ ገንዘብ እንጠይቃለን፤ እነሱ ዘንድ መረጃው በእግሩ ይሄዳል። እንዲህ ያለውን ሰው ከተራራው አውርዶ ደሞዙ ሊቋረጥ የሚችል ዘበኛ ማቆም የአያቴን ተራራ መድገም ነው።

«ታዲያ ፍየሉ ዝም ብሎ ይብላ?» የሚለኝ አይጠፋም። አይብላ! ግን አለመብላቱን የሚወስነው የፍየሉ ባለቤት ሲሆን ነው የሚጸናው። በኔ አስተያየት ነገሩ በትንሹ መጀመር አለበት። ተራራውን በሙሉ ሳይሆን ቡቃያ የታየባቸውን ጥቂት ቦታዎች ባለመንጋዎቹ ራሳቸው መርጠው ይከለሉ። ሣሩ በማጭድ ታጭዶ ይወሰድ፤ ከብት አይግባ። ታች ቆላው ላይ የውኃ ጉድጓድና መኖ ከተገኘ መንጋው ወደ ላይ የሚወጣበት ጊዜ ይዘገያል፤ ያች የዘገየች ጊዜ ለቡቃያው ሕይወት ናት። አፋሮች ማዳዓ የሚሉት የራሳቸው ሕግ አላቸው፤ ስምምነቱ በዚያ ቢጸና ከልጥፍ ወረቀት ይሻላል። ይህን የምለው ከመጽሐፍ ብቻ አይደለም። ከዚያ ከክፉው ክረምት በኋላ የአያቴ መንደር ሽማግሌዎች ተቀምጠው እንዲህ ባለ ስምምነት ተስማምተዋል። ዛሬ ዘበኛ የለም። ግን ከተላጨው ተራራ ላይ በጉልበት ልክ የደረሰ ወይራ በዓይኔ አይቻለሁ። ቆጥሬዋለሁም፤ በአንዲት ጎድጓዳ ስፍራ ብቻ 31።

ይህም ሆኖ ሊሳካ አይችልም የሚል ሰው ቢመጣ አልሞግተውም። ምናልባት ድርቁ ያሸንፍ ይሆናል። ምናልባት የጎዳ ጽድ ጊዜው አልፎ ይሆናል። እንደዚያ ከሆነ እንኳ ያንን የምናውቀው ከአፍ በተጠበቀ ቦታ ቡቃያው በቅሎ ወይም ሳይበቅል ሲቀር ነው። ሳንሞክር ፍየሉንም አየሩንም መክሰስ አንችልም።

ለትምህርት ክፍላችን ደግሞ አንዲት ጥያቄ አለችኝ። መምህራኖቻችን እንዳይቀየሙኝ እንጂ፣ ለመስክ ጉዞ ሁልጊዜ ወደ ትልልቁ ተራራ ነው የምንሄደው። ፎቶውም ያምራል፤ አልክድም። ነገር ግን ከኛው የምሥራቅ ገደል በታች፣ ወደ አፋር በሚያየው በኩል ጎዳን የሚመስሉ ብዙ ትንንሽ ደረቅ ተራሮች አሉ። በትግራይና በአፋር ወሰን ላይ ያለው የደስአ ደን ያው ጽድና ወይራ ነው፤ እዚያም ዛፎቹ ቆመው እየደረቁ መሆናቸውን እ.ኤ.አ. በ2011 የወጣ ጥናት አሳይቷል። ጎዳ የሩቅ ወሬ አይደለም ማለት ነው። የሲኒየር ኤሴይ ርእስ የምትፈልጉ የ3ኛ ዓመት ተማሪዎች፣ እባካችሁ ከየሰፈራችሁ አንድ ትንሽ ተራራ ምረጡ። ውድ መሣሪያ አያስፈልግም። ገመድ፣ ካስማና ደብተር ይበቃል። 20 ሜትር በ20 ሜትር ለኩና ውስጧ ያለውን ትልቅ ዛፍ ቁጠሩ፤ ከዚያ ቡቃያውን ቁጠሩ። ከዚያም ከብት የሚጠብቀውን ልጅ ጠይቁት። እሱ የሚያውቀውን ጻፉ፤ ስሙንም በምስጋናው ገጽ ላይ አስገቡለት።

እኔ ፔፐሬን ለመምህሬ መልሼ «ልሻሻለው» ብያቸዋለሁ። ነጥቡ ተመዝግቧል፤ አይለወጥም አሉኝ። ግድ የለም አልኳቸው። ርእሱን ግን ቀይሬዋለሁ። ድሮ «የዳይን ደን ማን ገደለው?» ነበር። አሁን «ልጁስ?» ይላል።

አባቴ በሚቀጥለው ሲመለስ ካርታ ዘርግቼ ተራራውን አሳየዋለሁ። እሱም መቼም ዝም አይልም፤ «ታዲያ መንገድ አለው?» ማለቱ አይቀርም።